ዘጠና ወይስ ሰባ ስምንት

ጥቅምት 3 ቀን

ለወደብ ጽሕፈት ቤት የካርታ ክፍል ኃላፊ፤

ሠንጠረዤን ያበላሹት እርስዎ ነዎት። አጣሪ ኮሚቴው ጥፋቱን በእኔ ላይ ሲጭን አጠገቤ ተቀምጠው ዝም ያሉትም እርስዎ ነዎት። ይህን ከሁሉ በፊት የጻፍሁት ሰላምታ ካስቀደምሁ ሐሳቤን የምለውጥ እንዳይመስልዎ ነው።

እንደምን ሰነበቱ። እኔ ደህና ነኝ።

ደብዳቤዎ ደርሶኛል። በሦስት ዓመት ውስጥ የመጀመሪያው ነው። ስለ ጤናዬ የጠየቁበት ሁለት መስመር ነው፤ የሥራ ደብተሬን እንድልክ የጠየቁበት አንድ ገጽ ተኩል ነው። ጽሕፈት ቤቱ የርቀት ሠንጠረዡን እንደገና ሊያሳትም መሆኑን፣ ካፒቴኖቹ ያለ ሠንጠረዥ በልማድ ብቻ መመላለስ እንደሰለቻቸው፣ ሥራውም በጥር መግቢያ ማተሚያ ቤት መድረስ እንዳለበት ጽፈዋል።

ደብተሩን አልልክም።

እርስዎ ረስተውት ከሆነ እኔ አልረሳሁትምና ነገሩን በቅደም ተከተል ላስቀምጠው። በዚያ ክፍል ሠላሳ አንድ ዓመት ሠርቻለሁ። ትምህርት ቤት የገባሁት እስከ አራተኛ ክፍል ነው፤ የቀረውን ሌሎች ከጣሉት መጽሐፍ ተማርሁ። የተማርሁትን ያስተማርሁት ለአንድ ሰው ብቻ ነው። እሷም የታናሽ ወንድሜ ልጅ ነበረች፤ አድጋም ረዳቴ ሆነች፤ ዛሬ ይህን ደብዳቤ ታነባለች። ከወደቡ ወደ አሥራ ሰባት ቦታዎች ያለውን ርቀት በአንድ ገጽ ላይ ጽፌ፣ ገልብጣ ለማተሚያ ቤት እንድትሰጥ በእጇ አስረከብኋት። የመብራት ማማው ወዳለበት ደሴት ያለውን ርቀት ዘጠና ብዬ ነበር። ታትሞ ሲወጣ ሰባ ስምንት አለ።

የድሮዎቹ ካፒቴኖች መንገዳቸውን ስለሚያውቁ ሠንጠረዡን አላዩትም። ለደሴቱ ውኃ የሚያደርሰው የውኃ ጀልባ ካፒቴን ግን አዲስ ነበር። የታተመውን አምኖ ለሰባ ስምንት ማይል የሚበቃ ነዳጅ፣ ትንሽም መጠባበቂያ ጨምሮ ወጣ። ማማውን በዓይኑ እያየው ሞተሩ ቀጥ አለ። አንድ ቀን ተኩል ተንሳፈፉ። ሰው አልሞተም። ካፒቴኑ ግን ከዚያ ወዲያ በመንገድ ሲያየኝ ወደ ማዶ ይሻገር ነበር።

ያንን ሰባ ስምንት ኮሚቴው ፊት ባየሁት ጊዜ ከየት እንደመጣ ወዲያው ገባኝ። አንድ የባሕር ማይል አንድ ነጥብ አሥራ አምስት የየብስ ማይል ነው። ዘጠናን ለአንድ ነጥብ አሥራ አምስት ያካፈለ ሰው ሰባ ስምንት ያገኛል። የእኔን የባሕር ማይል የየብስ ማይል ነው ብሎ ወደ ባሕር ማይል የለወጠ ሰው አለ ማለት ነው። ያን ገጽ ከእኔና ከእርስዎ በቀር ማንም አልነካውም። ሊቀ መንበሩ «ይህ የማን ስህተት ነው?» ሲል ወደ እርስዎ አልዞርሁም። ይናገሩ እንደሆነ ብዬ ጊዜ ሰጠሁ። እርስዎ እርሳስ ይቀርጹ ነበር። ኮሚቴው የጻፈብኝን ማስጠንቀቂያ አልፈርምም ብዬ መልቀቂያዬን ጽፌ ወጣሁ።

ሠንጠረዡን ማደስ ከፈለጉ ከክቡ ይጀምሩ። ማይሉ ከክብ እንዴት እንደሚወጣ በገዛ እጅዎ ሠርተው ይላኩልኝ። ከዚያ በፊት ስለ ደብተር እንዳይጽፉልኝ።

የምኖረው ባሕር በማይታይበት ደጋ ከተማ፣ ከቆርቆሮ ሠሪ ሱቅ በላይ ባለች አንድ ክፍል ነው። ሲቀጠቅጥ ስለሚውል ዝምታ አያስቸግረኝም።

የቀድሞው የካርታ ክፍል ሠራተኛ


ጥቅምት 15 ቀን

ጋሼ፤

እንደምን ከርመዋል? ጉልበትዎ ተሻለዎት? ደጋው ብርዱ እንዴት አደረገዎት? እኛ ደህና ነን። ደብዳቤዎን ለአባቴ ሳነብለት «ተመስገን፣ ቁጣው ሙሉ ነው፤ እንግዲያስ ጤነኛ ነው» ብሎ ሳቀ። ሰላም በይልኝ ብሏል። ከታች ያሉት ሁለት የፊት ጥርሶቹ ወልቀው ሳቁ ሁሉ ፉጨት ሆኗል።

ጋሼ፣ ከቁጣዎ ይልቅ «እርስዎ» ብለው መጻፍዎ ጎዳኝ። ቁመቴ ጠረጴዛው ላይ አልደርስ ሲል የወረቀት ካርቶን ደርድረው ያቆሙኝ ሰው እንደ ባዕድ ሲጽፉልኝ ደብዳቤው የሌላ ሰው መስሎኝ ፖስታውን ገልብጬ አየሁት።

ያኔ የሆነው ነገር ባይሆን ኖሮ ደስ ባለኝ። በእኔ በኩል የተፈጠረ ቅያሜ ካለም ይቅርታ ያድርጉልኝ። ስንገናኝ በሰፊው እናወራዋለን፤ በደብዳቤ አይሆንም።

የክቡን ነገር በተመለከተ፣ አንድ ነጥብ አሥራ አምስቱን አውቀዋለሁ። ያስተማሩበት መጽሐፍ ጀርባ ላይ ተጽፏል፤ ከልጅነቴ ጀምሮ በቃሌ ነው። አሁን የቸገረኝ ጊዜ ነው። ክፍሉ እንደሚያውቁት ነው፤ መስኮቱ አሁንም አይዘጋም፣ በነፋስ ቀን ካርታውን በአራት ድንጋይ ነው የምንይዘው። የታተመው ሠንጠረዥ ላይ «አያገለግልም» የሚል ቀይ ማኅተም ተመትቶበት ግድግዳው ላይ እንደተሰቀለ ነው። ባለፈው ሳምንት ደግሞ ሁለተኛ አዲስ ካፒቴን ተቀጥሯል። መንገድ የሚጠይቀው ከዓሣ አጥማጆች ነው። ሠንጠረዡ ቶሎ ካልወጣ ያስፈራኛል።

እባክዎ ደብተሩን ይላኩልኝ።

ልጅዎ


ጥቅምት 26 ቀን

ለወንድሜ ልጅ፤

«ካለ» የሚል ቃል ያለበትን ይቅርታ አልቀበልም። አለ። መኖሩን ሁለታችንም እናውቃለን።

«አንቺ» ብዬ የምጽፍልሽ ይቅር ስላልሁሽ አይደለም። በአንቱታ ሒሳብ ማስተማር ስለማይመቸኝ ነው።

ለወንድሜ ሰላም በይልኝ። የቀሩትን ጥርሶች እንዲቦርሽ ንገሪው፤ ልጅ ሳለም እየዋሸኝ ነበር የሚተኛው።

ቁጥሩን በቃልሽ ታውቂዋለሽ። ችግሩም እሱ ነው። በቃሉ ብቻ የያዘ ሰው መቼ እንደሚያካፍል እንጂ መቼ እንደማያካፍል አያውቅም። አሁን የምነግርሽን በጥሞና አንብቢ።

ትናንት ወደ ታች ወርጄ ቆርቆሮ ሠሪው ባልዲ ሲሠራ ቆሜ አየሁት። ክቡን የባልዲ መቀመጫ መሬት ላይ አደረገና ከጫፍ እስከ ጫፍ በመሐሉ በክር ለካ። ያንን ክር ላሜራው ላይ ሦስት ጊዜ ዘረጋና ትንሽ ጨምሮ በመቀስ ቆረጠ።

«የጨመርኸው ስንት ነው?» አልሁት።

«ትንሽ ነዋ።»

«ትንሽ ቁጥር አይደለም።»

«ጋሼ፣ ባልዲዬ ያፈስሳል?»

«አያፈስስም።»

«እንግዲያው ቁጥር ነው።»

ተቀምጬ ለካሁለት። ለመጋጠሚያው የተወውን ሳልቆጥር፣ ትንሽ ያለው ከክሩ አንድ ሰባተኛ ገደማ ሆነ። ክብ ነገር ሁሉ፣ ባልዲም ሆነ ምድር፣ ዙሪያው በመሐሉ ከሚያልፈው መስመር ሦስት እጥፍና ያን ያህል ትንሽ ነው። በቁጥር ሦስት ነጥብ አንድ አራት አንድ ስድስት በይው።

ከምድር መሐል እስከ ላይኛው ገጿ ሦስት ሺህ ዘጠኝ መቶ ሃምሳ ዘጠኝ የየብስ ማይል ነው። ዙሪያዋን አውጪ። ከዚያ ክብ ሦስት መቶ ስድሳ ዲግሪ፣ አንዱ ዲግሪ ስድሳ ደቂቃ ነው፤ በክቡ ላይ በጠቅላላ ስንት ደቂቃ እንዳለ አውጪ። ዙሪያውን ለደቂቃዎቹ አካፍዪ። ያገኘሽው የአንዱ ደቂቃ ርዝመት በየብስ ማይል ነው። የባሕር ማይል ማለት ያ ነው፣ ሌላ ምንም አይደለም። የየብሱን ማይል ሰዎች ተስማምተው ቆረጡት፤ የባሕሩ ግን ከምድር ክብነት የተቆረሰ ነው።

ይህን ለቆርቆሮ ሠሪው ስነግረው መዶሻውን አስቀመጠ።

«ማይል ሁለት ዓይነት ከሆነ ዋሾው የትኛው ነው?»

«ሁለቱም አይዋሹም።»

«ታዲያ ሰው አንዱን ካንዱ በምን ያውቃል?»

«በባሕር ቤት ከሆነ የባሕር ነው፣ በመንገድ ቤት ከሆነ የመንገድ ነው። ይህን ለማወቅ ማስረጃ አያስፈልግም።»

«አይ ጋሼ፣ ለእርስዎ ሁሉ ነገር ግልጽ ነው» ብሎ መቀጥቀጡን ቀጠለ።

ሠርተሽ ስትጨርሺ ከባሕር ካርታው ጎን ከላይ እስከ ታች የወረደውን የመለኪያ መስመር፣ መሰላል የምንለውን፣ ተመልከቺ። ምን እንደሆነ ጽፈሽ ላኪልኝ።

አጎትሽ


ኅዳር 8 ቀን

ጋሼ፤

እንደምን ሰነበቱ? ብርዱ ከበረታ ካፖርት ልላክልዎ? እምቢ አይበሉኝ፤ አባቴ የማይለብሰው አለው።

ሠራሁት። ሁሉም ወጥተው ከሄዱ በኋላ በምሳ ሰዓት ወለሉ ላይ ተቀመጥኩ፤ የቀለም ጣሳ ክዳን በክር ለካሁ፣ ትንሹንም አገኘሁት። ከዚያ ወደ ምድር ዞርኩ። መጀመሪያ ያገኘሁት አንድ ደቂቃ የአንድ የየብስ ማይል ግማሽ ገደማ ሆነብኝ፣ ዜሮ ነጥብ አምስት ሰባት ስድስት። መጽሐፉ ተሳስቷል ብዬ ለመቆጣት ተነሥቼ ነበር። ለካ ከመሐል እስከ ጫፍ ያለውን ወስጄ እጥፍ ማድረግ ረስቼ ነው። ብቻዬን ሳቅኩ። እርስዎ ቢኖሩ «የቀረችውን ግማሽ ምድር የት ጣልሻት?» ይሉኝ ነበር።

እጥፉ ሰባት ሺህ ዘጠኝ መቶ አሥራ ስምንት ነው። በሃያ ሁለት ሰባተኛ አባዛሁት፤ ዙሪያው ሃያ አራት ሺህ ስምንት መቶ ሰማንያ አምስት ሆነ። ደቂቃዎቹ ሃያ አንድ ሺህ ስድስት መቶ ናቸው። ሲካፈል አንድ ነጥብ አንድ አምስት ሁለት።

ከዚያ መሰላሉን ተመለከትኩ።

ጋሼ፣ ከዚያ መሰላል ላይ በባለ ሁለት እግሩ ኮምፓስ ስንት ሺህ ጊዜ ለክቻለሁ? አንድም ቀን ምን እንደሆነ አስቤ አላውቅም። መሰላሉ የኬክሮስ ደቂቃ ነው፤ ያው የምድር ዙሪያ ደቂቃ። እያንዳንዷ እርከን አንድ የባሕር ማይል ናት። ደሴቱ ከወደቡ በቀጥታ ወደ ደቡብ አንድ ዲግሪ ተኩል ነው፤ ዘጠና ደቂቃ፣ ዘጠና የባሕር ማይል። እርስዎ በኮምፓስ ከዚያ መሰላል ያነሡት ቁጥር የየብስ ማይል ሊሆን የሚችልበት መንገድ የለም። የየብስ ቢሆን መቶ ሦስት ተኩል ይሆን ነበር። ያን ቀን ኮምፓሱን አንሥቼ አንዴ ብቻ ብለካ ኖሮ በግማሽ ደቂቃ አውቀው ነበር።

«ካለ» ያልኩትን ትቻለሁ። የሆነውን ልንገርዎ።

ያን ወር ለመንገድ መሥሪያ ቤት ትብብር ብለው የመኪና መንገድ ርቀት ይሠሩላቸው ነበር፤ ጠረጴዛዎ በእነሱ ካርታ ተሞልቶ ነበር፣ ሁሉም በየብስ ማይል። በዚያው ሳምንት ሁለት ጊዜ ቀን ተሳስተው ጻፉ። መነጽርዎን ግንባርዎ ላይ አድርገው ለሩብ ሰዓት ፈለጉት። ገጹን ሲሰጡኝ ቁጥሮቹ በዙብኝ። ጋሼ ሁለቱን ሥራ አደባለቁ፣ አረጁ አልኩ። ብነግርዎ እንደሚሰበሩ አሰብኩ። በሩን ዘግቼ አሥራ ሰባቱንም አካፈልኩና በንጹሕ ወረቀት ገለበጥኳቸው። ደስ ብሎኝ ነበር፤ ሸፈንኩልዎ ብዬ ወደ ቤት እየዘፈንኩ ሄድኩ።

ኮሚቴው ፊት «እኔ ነኝ» ማለት ሲገባኝ እርሳስ ቀረጽኩ። እርስዎ አላዩኝም። ቢያዩኝ እናገር ነበር እያልኩ ሦስት ዓመት ራሴን ሳታልል ኖሬያለሁ። ውሸት ነው። ቢያዩኝም አልናገርም ነበር። ከዚያ በወንበርዎ ተቀመጥኩ።

አጠፋሁ። ያለ «ካለ»።

ልጅዎ


ኅዳር 20 ቀን

ለወንድሜ ልጅ፤

ካፖርቱን አትላኪ። ወንድሜ ያልለበሰውን እኔ አልለብስም።

ሃያ ሁለት ሰባተኛ ለባልዲ ይበቃል፤ ለምድር አይበቃም። በሰጠሁሽ ቁጥር ብታባዢ ሃያ አራት ሺህ ስምንት መቶ ሰባ አምስት ታገኚ ነበር፤ ሲካፈል አንድ ነጥብ አንድ አምስት አንድ ስድስት። መጽሐፉ አንድ ነጥብ አንድ አምስት ዜሮ ስምንት ይላል። የቀረችው ቅንጣት ምድር ልክ ክብ ስላልሆነች፣ ሰዎችም ቁጥሩን በስምምነት ስላጠጋጉት ነው። እሱን አትፍሪው። መሰላሉ ላይ የጻፍሽው ትክክል ነው።

የቀረውን ሦስት ጊዜ አነበብሁት።

አዘንሽልኝ ማለት ነው። ብትሰርቂኝ ይሻለኝ ነበር። ሌባ ቢያንስ የሚሰረቅ ነገር አለህ ብሎ ያምናል። መነጽሬን ግንባሬ ላይ የምፈልገው ከሃያ አምስት ዓመቴ ጀምሮ ነው፤ አባትሽን ጠይቂው።

አሁን ለእኔ ጽፈሻል። ለእኔ መጻፍ ቀላል ነው፤ እኔ ቀድሞም አውቀዋለሁ። የማያውቁት ሌሎች ናቸው። ሠንጠረዡን ዘጠና ብለሽ በጸጥታ ብታሳትሚው አንድም ሰው አይጠይቅሽም። ካፒቴኖቹ ግን በሁለት እትም ሁለት ቁጥር ያያሉ፤ ለምን እንደተለወጠ ካልተነገራቸው ሁለተኛውንም አያምኑትም። የማይታመን ሠንጠረዥ ከግድግዳ ጌጥ አይሻልም። በእነሱ ቦታ ብሆን እኔም ዓሣ አጥማጅ እጠይቅ ነበር።

ምን አድርጊ አልልሽም። ሠላሳ አራት ዓመትሽ ነው።

አጎትሽ


ታኅሣሥ 6 ቀን

ጋሼ፤

ሰላምዎ ይብዛ። እኔ በጣም ደህና ነኝ። አባቴም ደህና ነው፤ ስለ መነጽሩ ስጠይቀው «እውነት ነው፤ በሠርጌ ቀን እንኳ ፎቶ አንሺውን አስቁሞ ፈልጎታል» አለኝ።

ሥራው እየሄደ ነው። አሥራ ሰባቱን ቦታዎች በሙሉ ከመሰላሉ ላይ በኮምፓስ እንደገና ለካኋቸው፤ ሁለት ቀን ፈጀብኝ። ደብተርዎ ካሁን በኋላ አያስፈልግም፤ ይያዙት። ባለፈው ሰኞ ለጽሕፈት ቤቱ ኃላፊ አንድ ነገር ነግሬዋለሁ። ምን እንደሆነ ይገባዎታል። በደንብ ተነጋገርን። ከእሱ ወዲያ ያለው ብዙም የሚያወራ አይደለም፤ አየሩ ጥሩ ነው፣ ከቤት ውጭ መሥራትም ለጤና ይስማማል።

ከዚህ ጋር አንድ ነገር ልኬያለሁ። ያን ጊዜ የሰጡኝ፣ በእጅዎ የጻፉት ገጽ ነው። ገልብጬ ስጨርስ መቅደድ ነበረብኝ፤ አልቻልኩም። መሳቢያዬ ውስጥ ከታችኛው ወረቀት ሥር ነበር። የእርስዎ ነው፤ እርስዎ ዘንድ ይሁን።

ልጅዎ


ታኅሣሥ 17 ቀን

ለወንድሜ ልጅ፤

ሠላሳ አንድ ዓመት የወደቡን ማኅተሞች ስመታ ኖሬያለሁ። ፖስታሽ ላይ ያለው ማኅተም የካርታ ክፍል አይደለም፤ የመጋዘን ክፍል ነው። ዳርቻውም ላይ ብርቱካን ቀለም ነክቶታል። ያ ቀለም ለባሕር ላይ ተንሳፋፊ ምልክቶች እንጂ ለሌላ አይውልም። «ከቤት ውጭ መሥራት ለጤና ይስማማል» ያልሽውን አሁን ተረዳሁት። ከክፍሉ አውጥተውሻል። ብረት እየፋቅሽ ምልክት ትቀቢያለሽ። እሱንም ሸፈንሽልኝ። አታርፊም?

እስከዚህ ድረስ የጻፍሁት ማክሰኞ ነው። አሁን ሐሙስ ነው።

ማክሰኞ ከሰዓት በኋላ ገጹን ይዤ ወደ ታች ወረድሁ። የወረድሁት ቆርቆሮ ሠሪው የእጅ ጽሕፈቴን እንዲያይ ነበር፤ እውነቱ ይህ ነው፣ ልኮራበት ነበር። እጁን በሱሪው ጠርጎ ተቀበለኝና ወደ ብርሃኑ ያዘው።

«ጽሕፈቱ እንደ መርፌ ቀጥ ያለ ነው» አለ። «ግን ጋሼ፣ ይሄ ማይል የትኛው ነው? ሁለት ናቸው ብለውኝ አልነበር?»

«የባሕሩ ነው።»

«የት ላይ ተጽፏል?»

«በባሕር ቤት ከሆነ የባሕር ነው አላልሁህም?»

«እኔ እኮ አሁን ያለሁት ቆርቆሮ ቤት ነው።»

ወረቀቱን ተቀብዬው ወደ ላይ ወጣሁ። ትናንት አልወረድሁም። ምግብ በሩ ላይ አስቀምጦልኝ ሄደ።

የዓምዱ ርዕስ «ማይል» ይላል። «የባሕር» አይልም። ጽሕፈቱ የእኔ ነው፤ ማንም አልፋቀውም፣ ማንም አልጨመረበትም። በሠላሳ አንድ ዓመት ውስጥ አንድም ቀን «የባሕር» ብዬ ጽፌ አላውቅም። የሚጽፉ ጀማሪዎችን «ዓሣ ገበያ ገብተሽ የባሕር ዓሣ ስጡኝ ትያለሽ?» እያልሁ አሾፍባቸው ነበር። አንቺንም ብዬሻለሁ፤ ሁለት ጊዜ አሰርዤሻለሁ። በዚያ ወር ደግሞ የመንገድ መሥሪያ ቤቱ ካርታ ጠረጴዛዬ ላይ ነበር። በየብስ ማይል ይሠራ የነበረ ሰው፣ «ማይል» ብቻ ብሎ የጻፈ፣ እንዲህ ያለ ሰው ገጽ ለረዳት ሲሰጥ ረዳቲቱ ምን ልታስብ ነው?

ብትጠይቂኝ ኖሮ እነግርሽ ነበር። እቆጣሽም ነበር። እንደምቆጣ ስለምታውቂ አልጠየቅሽም። ለምን እንደማትጠይቂኝ ሁለት ቀን ሙሉ ሳስብ ነበር።

ይህ ዝምታሽን አይሰርዘውም። ማካፈልሽን ግን ይሰርዘዋል።

ሌላም አለ። ደብተሩ የለም። እዚህ በመጣሁ በሦስተኛው ወር ለቆርቆሮ ሠሪው ምድጃ ማቀጣጠያ ሰጥቼዋለሁ። ገጽ በገጽ ሲነድ ቆሜ አይቻለሁ። ስትጠይቂኝ የለም ማለት ስላቃተኝ ከክብ ጀምሪ አልሁሽ።

ዛሬ ጠዋት ለኃላፊው አንድ ገጽ ጻፍሁ። ያንን ገጽም አብሬ ላክሁለት። ምን ብዬ እንደጻፍሁ አልነግርሽም።

ቀለሙን ስትቀቢ ነፋስ ከጀርባሽ ይሁን፤ ትነቱ ሳንባ ይጎዳል።

አጎትሽ


ታኅሣሥ 29 ቀን

ጋሼዬ፤

እንዴት ነዎት? ደብዳቤዎን ስቀበል መሰላል ላይ ነበርኩ፤ ከነቀለሙ እጄ ነው የከፈትኩት፣ ስለዚህ አሁን ደብዳቤዎም ብርቱካን ሆኗል።

አዎ፣ መጋዘን ነበርኩ። ከሦስት ሳምንት በላይ። መናገር ያልፈለግኩት ለእኔ ብለው እንዳይጽፉ ፈርቼ ነው። እርስዎም ጻፉ።

ኃላፊው ዓርብ ዕለት ሁላችንንም ሰበሰበን፤ ካፒቴኖቹም ነበሩ። ገጽዎን በእጁ ይዞ ደብዳቤዎን ድምፁን ከፍ አድርጎ አነበበው። ምን እንዳለ ያውቁታልና አልደግመውም። እኔ መስኮቱን ስመለከት ነበር። ሲጨርስ የውኃ ጀልባው ካፒቴን ቆቡን አውልቆ ጠረጴዛው ላይ አኖረና «ታዲያ እኔስ፣ ባሕር ላይ የምኖር ሰው፣ በመሰላሉ ላይ አንዴ ለምን አልለካሁም?» አለ። ያ የድሮ የጀልባ መካኒክ፣ ያ አፉ የማያርፈው፣ «አንተ ለክተህ ቢሆን እኛ ምን ልናወራ ነበር?» አለው፤ ሰው ሁሉ ሳቀ። ካፒቴኑ አድራሻዎን ከእኔ ተቀብሏል።

ለማተሚያው ሥራ ወደ ክፍሉ መልሰውኛል። ከዚያ በኋላ ያለውን በጥር እንወስናለን ብለዋል፤ መጋዘን ከመለሱኝም እሄዳለሁ። የእርስዎን ማስጠንቀቂያ ግን ሰርዘው በጽሑፍ መልሰዋል፤ ከዚህ ጋር ያገኙታል። ደግሞ ከሠንጠረዡ ግርጌ ስምዎ እንዲታተም ወስነዋል፤ ሲመረቅም መጥተው እንዲገኙ ኃላፊው ለመኪናው ራሱ ቲኬት እልካለሁ ብሏል።

እኔና አባቴ ጥር 20 ቀን በጠዋቱ አውቶቡስ እንመጣለን። እምቢ ቢሉም እንመጣለን። ሁሉንም ቁጭ ብለን እናውራው። እስከዚያ አንድ ነገር ብቻ ይመልሱልኝ። ይቅር ብለውኛል?

ልጅዎ


ጥር 9 ቀን

ልጄ፤

ደብዳቤሽ ደርሶኛል። የተሰረዘው ማስጠንቀቂያም ደርሶኛል። ፊርማው ትክክል ነው፤ ቀኑ አንድ ቦታ ተሳስቷል፣ እንዲያርሙት ንገሪያቸው።

ስሜ ከሠንጠረዡ ግርጌ አይግባ። የስሜ ቦታ የሚይዘውን ያህል ከርዕሱ ላይ በደማቁ «የባሕር ማይል» ተብሎ ይጻፍ። ከሥሩ በአንድ መስመር እንዲህ ይባል፦ አንድ የባሕር ማይል ከምድር ዙሪያ የአንድ ደቂቃ ርዝመት ነው፤ ወደ የብስ ማይል ለመለወጥ በአንድ ነጥብ አሥራ አምስት ይባዛል። «ይካፈላል» ብለው እንዳያትሙት የማተሚያውን ናሙና ራስሽ አንብቢ፤ ካነበብሽ በኋላ ወዲያው አታስረክቢው፣ ሌላ ሰውም ያንብበው። ካፒቴኖቹ ደግሞ ከሠንጠረዡ ወስደው ብቻ እንዳይወጡ፣ መጀመሪያ በመሰላሉ ላይ ራሳቸው ይለኩ። ይህን ደንብ አድርጉት።

ለምረቃው አልመጣም። ቲኬቱን የውኃ ጀልባው ካፒቴን ይውሰደው፤ ሚስቱ ያለችው በእኛ መንገድ እንደሆነ ጽፎልኛል። አዎ፣ ጽፎልኛል። ሁለት ገጽ ነው። ፊደሉ የዓሣ አጥንት ይመስላል።

ጥር 20 ቀን ጣቢያው ላይ ቆርቆሮ ሠሪው ይቀበላችኋል፤ ትልቅ ጆሮ ያለው፣ እየሄደ የሚያፏጭ ሰው ነው። ጉልበቴ ከአቀበቱ ስለማይስማማ እኔ በር ላይ እጠብቃለሁ። አልጋው ያንቺ ነው። እኔና አባትሽ ፍራሽ ዘርግተን መሬት ላይ እንተኛለን፤ ልጆች ሳለንም እንዲሁ ነበር፣ የሚያንኮራፋውም እሱ ነበር። ጠዋት መዶሻው በአንድ ሰዓት ይጀምራል፤ ከዚያ በኋላ ማንም አይተኛም። የሚታኘክ ነገር ለጥርሱ እንዳይከብደው ለስለስ ያለ እንዲዘጋጅ ነግሬያለሁ።

የጠየቅሽኝን አንብቤዋለሁ። አልመልስልሽም። ባትጠይቂኝ ይሻል ነበር፤ ስለጠየቅሽ ግን አልቆጣም።

ስትመጪ ስለ ባሕሩ ትነግሪኛለሽ። ስለማይዘጋው መስኮት፣ ስለ ካፒቴኑ ሚስት፣ ስለ ፈለግሽው ሁሉ ሌሊቱን ሙሉ አወራሻለሁ። ስለዚያ ገጽ ግን፣ ስለ ኮሚቴው፣ ስለ እኔና ስለ አንቺ የሦስት ዓመት ነገር፣ የምለውን ሁሉ ለኃላፊው በጻፍሁት አንድ ገጽ ላይ ብያለሁ። ከዛሬ ወዲያ በጽሑፍም በቃልም አንድ ፊደል አልጨምርም። አባትሽ ቢለምነኝ አልናገርም። አንቺ ብታለቅሺ መሐረብ እሰጥሻለሁ እንጂ አልናገርም።

አጎትሽ